የሱፍ አበባ ጥምዞች

የበሰለ የሱፍ አበባ ካገኛችሁ ፍሬውን ከመፈልፈላችሁ በፊት አደራደሩን ተመልከቱ። ፍሬዎቹ ከመሃል ወደ ጠርዝ ይጠማዘዛሉ፤ አንዱ ጥምዝ ወደ ቀኝ፣ ሌላው ወደ ግራ። አንዱን መስመር በእስክሪብቶ ምልክት አድርጋችሁ ዙሪያውን ብትቆጥሩ ብዙ ጊዜ በአንድ በኩል 34፣ በሌላው 55 ይሆናል። ተለቅ ባለው ደግሞ 55 እና 89። አናናስ ላይም 8 እና 13 ይገኛሉ።

ቁጥሮቹ ዘመዳሞች ናቸው። 1፣ 1፣ 2፣ 3፣ 5፣ 8፣ 13፣ 21፣ 34፣ 55፣ 89፦ ከሦስተኛው ጀምሮ እያንዳንዱ ከፊቱ ያሉት የሁለት ቁጥሮች ድምር ነው። በኋላ ፊቦናቺ የተባለው የፒዛው ሊዮናርዶ እ.ኤ.አ. በ1202 ስለ ጥንቸሎች መራባት ባቀረበው ጥያቄ ለአውሮፓ አስተዋወቃቸው። የህንድ ሊቃውንት ግን የግጥም ምት ሲያሰሉ ቀድመው ደርሰውባቸዋል።

ተክሉ አይቆጥርም። አዲስ እምቡጥ የሚወጣው ቀደምቶቹ ባልያዙት ሰፊ ቦታ ነው። በተክል ጫፍ ላይ ይህን የሚወስነው ኦክሲን የተባለው የእድገት ሆርሞን ነው፤ የወጣው እምቡጥ ኦክሲኑን ከዙሪያው ስለሚስብ አጠገቡ ሌላ አይበቅልም። ይህ ሲደጋገም በተከታታይ እምቡጦች መካከል ያለው ማዕዘን ወደ 137.5 ዲግሪ ይጠጋል። ማዕዘኑ 90 ቢሆን ኖሮ አምስተኛው እምቡጥ ከመጀመሪያው ጋር በአንድ መስመር ላይ ይውል ነበር፤ አበባው አራት ቀጥ ያሉ ረድፎች ብቻ ይኖሩትና በመካከላቸው ያለው ቦታ ባዶውን ይቀር ነበር። በ137.5 ግን የትኛውም የቅርብ እምቡጥ በሌላው መስመር ላይ አያርፍም፤ ቦታው ይሞላል።

እኔን ከሁሉ በላይ ያሳመነኝ ተክል የሌለበት ሙከራ ነው። በ1992 ስቴፋን ዱአዲና ኢቭ ኩዴ የተባሉ ፈረንሳውያን የፊዚክስ ሊቃውንት ዘይት በሞላበት ሳህን መሃል መግነጢሳዊ ፈሳሽ አንጠባጠቡ። ጠብታዎቹ እርስ በርስ እየተገፋፉ ወደ ጠርዝ ሸሹ፤ አከታትለው ሲያንጠባጥቡት ያው ጥምዝ፣ ያው ማዕዘን ወጣ።

ነገሩ የቦታ ሽሚያ ውጤት እንጂ የተለየ ምስጢር አይደለም፤ ስለዚህ የሰው ፊት ውበት ሳይቀር በፊቦናቺ ቁጥሮች ሲለካ አልስማማም። ሱፍ ራሱም ሁልጊዜ አይታዘዝም። እንግሊዛዊው የሒሳብ ሊቅ አለን ቱሪንግ ጉዳዩን ሲመረምር ሳይጨርሰው በ1954 አረፈ። በ2012፣ በተወለደ በመቶኛ ዓመቱ፣ ማንችስተር ውስጥ ሕዝቡ ሱፍ እየተከለ እንዲቆጥር ተጋበዘ። በ2016 በታተመው ጥናት ከ657 አበቦች አብዛኞቹ የፊቦናቺን ቁጥሮች አሳይተዋል፤ ሌላ ቁጥር የሰጡም አሉ። ከፊቦናቺ ቁጥር በአንድ የሚያንሱት ደግሞ በአንድ ከሚበልጡት በርከት ብለው ተገኝተዋል። የአበባውን አበቃቀል በሒሳብ የሚያስረዱ ሁሉ ይህንንም ማስረዳት ይጠበቅባቸዋል።