ቋንቋቸውን እየሰማች ዝም ያለችው የሙዚየም ሠራተኛ

ግድግዳችሁ ላይ የተሰቀለ ሥዕል በጦርነት ተዘረፈ እንበል። ከዓመታት በኋላ ሌላ አገር ተገኘ። "የኛ ነው" ለማለት ምን ማስረጃ ታቀርባላችሁ? ዛሬ የምናነሳት ፈረንሳዊት ይህን ማስረጃ ቀድማ ያዘጋጀች ናት።

ስሟ ሮዝ ቫላን ይባላል፤ የሥነ ጥበብ ታሪክ ባለሙያ ናት። ፓሪስ ባለው ዠ ደ ፖም ሙዚየም ለዓመታት ያለ ደሞዝ ሠርታለች። እ.ኤ.አ. በ1940 ናዚዎች ከተማዋን ሲይዙ ሙዚየሙን ከአይሁዳውያን ቤተሰቦችና የሥዕል ነጋዴዎች የዘረፉት ንብረት ማከማቻ አደረጉት። አለቃዋ ዣክ ዦዣር እዚያው ቆይታ ሁሉን እንድትከታተል ነገራት።

ጀርመኖቹ ያላወቁት ነገር ነበር፤ ቋንቋቸውን ትሰማለች። የትኛው ሥዕል ከማን ቤት እንደመጣና ወዴት እንደተላከ በድብቅ ትጽፍ ነበር። ቅርጫት ውስጥ የተጣለ ካርቦን ወረቀት ሳይቀር ትለቅም ነበር። ብትያዝ የሚጠብቃት ሞት ነው። እንዲህ አራት ዓመት ገደማ ቆየች።

ናዚዎች እንደ ፒካሶና ማቲስ ያሉትን የዘመናዊ ሰዓሊዎች ሥራ "የዘቀጠ ጥበብ" እያሉ ያንቋሽሹት ነበር። ታዲያ ለምን ዘረፉት? ገንዘብ ያወጣላ! ለሚወዱት ጥንታዊ ሥዕል መለወጫ አደረጉት።

እ.ኤ.አ. ነሐሴ 1944 ጀርመኖች ከፓሪስ ሊወጡ ሲሉ 148 ሳጥን ሙሉ፣ አብዛኛው ዘመናዊ ሥዕል፣ ባቡር ላይ ጫኑ። ሮዝ የፉርጎዎቹን ቁጥር ሳይቀር ለአለቃዋ አቀበለች። የባቡር ሠራተኞቹ በሰበብ አስባቡ ጉዞውን አጓተቱት፤ የፈረንሳይ ጦርም ደርሶ ባቡሩን ያዘ። ከያዙት መካከል አሌክሳንደር ሮዘንበርግ የሚባል መኮንን ነበር። አባቱ ፖል ሮዘንበርግ አይሁዳዊ የሥዕል ነጋዴ ነው። ሳጥኖቹ ሲከፈቱ የአባቱ ሥዕሎች እዚያው ተገኙ!

ከጦርነቱ በኋላ የሮዝ ማስታወሻ የተደበቀው ንብረት የት እንዳለ ለማግኘት ትልቅ መሪ ሆነ። ወደ 60,000 የሚጠጉ ዕቃዎች ፈረንሳይ ገቡ፤ 45,000 ያህሉ ለባለቤቶቻቸው ወይም ለወራሾቻቸው ተመለሱ። ወደ 2,000 የሚሆኑት ደግሞ የፈረንሳይ ሙዚየሞች ዛሬም በአደራ ይዘዋቸዋል፤ የአንዳንዶቹ ባለቤቶች እነማን እንደነበሩ እስካሁን እየተፈለገ ነው።

እኛ ከዚህ ታሪክ የወሰድነው ይህን ነው፦ የተዘረፈን ነገር ለማስመለስ ቁጭት ብቻውን አይበቃም። ማን፣ ከማን፣ መቼ ወሰደው የሚል ጽሑፍ ያስፈልጋል።

እስቲ እናንተስ፣ ከአያት ከቅድመ አያት የወረሳችሁት ዕቃ ከየት እንደመጣ የጻፋችሁበት ወረቀት አለ?