ጉግሳ ወሌን ያሸነፈው አውሮፕላን ነው?

ደብረ ታቦርም ሆነ ጋይንት፣ በንጉሥ ተፈሪ ላይ ስለተነሡት ስለ በጌምድሩ ገዥ ስለ ራስ ጉግሳ ወሌ በተነሣ ቁጥር አንድ ወሬ ቀድሞ ይመጣል፦ የበጌምድር ጦር አውሮፕላን ሲያይ እግሬ አውጪኝ አለ፤ ጦርነቱም በዚያው አለቀ። በዚህ ወሬ የተነሣ ልጆች ቅድመ አያቶቻቸው ፈሪ እንደነበሩ እየሰሙ ያድጋሉ። ይህን እንደ ጨዋታ የሚያወሩ ሰዎች አንድ ገጽ ታሪክ እንኳ ለማገላበጥ አለመፈለጋቸው ያናድደኛል።

ወሬው ከመሬት ተነሥቶ የመጣ አይደለም። አውሮፕላን በአገራችን ለመጀመሪያ ጊዜ ለውጊያ የዋለው በዚያ ዘመቻ ነው፤ ቦምብም ተጥሏል። ከቦምቡ የከፋው ግን ከሰማይ የወረደው ወረቀት ነበር። ከጉግሳ ጋር የተሰለፈ ሁሉ እንደሚወገዝ ያስጠነቅቃል። የተወገዘ ሰው ንስሐ አባት አይቀበለውም፤ ሲሞትም ፍትሐት የለውም። ፊደል ያልቆጠረ ባላገር ያንን ወረቀት ደብተራ ሲያነብለት ሰምቶ ወደ ቀየው ቢመለስ ፈሪ ሊባል አይገባም። ደሞዝተኛም አልነበረም። ዛሬ እንደምናውቀው በሻለቃና በብርጌድ የተደራጀ ጦር ሳይሆን፣ ፊታውራሪውን ወይም ቀኛዝማቹን ተከትሎ ጠመንጃውንና ስንቁን ይዞ የወጣ ገበሬ ነው። በሶው ካለቀ፣ ልቡም ከሸፈተ፣ የሚይዘው የለም።

ወደ 35,000 ይደርስ ከነበረው ጦር ከውጊያው በፊት ከ10,000 ያነሰ እንደቀረ ይገመታል። እነዚያ የቀሩት ግን መጋቢት 22 ቀን 1922 ዓ.ም. አንቺም ላይ ከጦር ሚኒስትሩ ከደጃዝማች ሙሉጌታ ይገዙ ጦር ጋር ለሰዓታት ተዋግተዋል። ጉግሳም የሞቱት በቦምብ ሳይሆን ተከበው ሲዋጉ ነው።

በአውሮፕላን መበተን ፈሪነት ከሆነ የአንቺሙ አሸናፊስ ምን ሊባሉ ነው? ራስ ሙሉጌታ ከስድስት ዓመት በኋላ፣ በየካቲት 1928 ዓ.ም.፣ አምባ አራዶም ላይ ጦራቸው በጣሊያን ቦምብና መድፍ ተበትኖ፣ ሲያፈገፍጉ ሕይወታቸውን አጡ። ያንን ጦር ፈሪ ያለው የለም፤ መባልም የለበትም። ታዲያ የበጌምድሩ ገበሬ ለምን በሌላ ሚዛን ይመዘናል?

ሌላው ወሬ ብዙ አያደክምም። ጎንደሬው ሁሉ ከጉግሳ ጋር ነበር ይባላል፤ የሰሜኑ ደጃዝማች አያሌው ብሩ ግን ከንጉሥ ተፈሪ ጎን ነበሩ። ንግሥት ዘውዲቱ ተመርዘው ሞቱ የሚባለውም አለ። ያረፉት ከአንቺም ሁለት ቀን በኋላ በመሆኑ ሰው ቢጠረጥር አይፈረድበትም። ነገር ግን ስኳር ነበረባቸው፣ በታይፎይድ ትኩሳትም ታመው ነበር፤ ለመርዙ ወሬ የቀረበ ማስረጃ የለም። የቀድሞ ባላቸው የጉግሳ መርዶ ሕመሙን አባብሶት እንደሆነ ግን በእርግጠኝነት መናገር አይቻልም።

ከአንቺም በኋላ የደብረ ታቦር ሰው መሣሪያውን ሰቀለ የሚሉም አሉ። ነገር ግን በ1933 ዓ.ም. ክረምት መግቢያ ላይ ደብረ ታቦር የመሸገው የጣሊያን ጦር እጁን ሲሰጥ፣ ከእንግሊዝ ጦር ጋር ሆነው የከበቡት የበጌምድር አርበኞች ነበሩ።