በአንድ ዶላር የተፈረመ ውል፦ የብራያን አዳምስ ዘፈኖች ከእጅ ወደ እጅ

በንግድ ዓለም የአንድ ዶላር ውል አዲስ ነገር አይደለም። የእንግሊዝን የሕግ ሥርዓት በወረሱ አገሮች አንድ ውል በሕግ ፊት እንዲጸና አንዱ ወገን ለሌላው አንዳች ነገር መስጠት ስላለበት፣ ዋጋው ለስም ያህል ብቻ እንዲጻፍ ሲፈለግ «አንድ ዶላር» ተብሎ ይሞላል። ካናዳዊው የፖፕ ሮክ ዘፋኝ ብራያን አዳምስ እ.ኤ.አ. በ1978 ኤ ኤንድ ኤም ከተባለው የአሜሪካ ሸክላ አሳታሚ ኩባንያ ጋር ሲፈራረም የተቀበለው ገንዘብ ይኸው አንድ ዶላር ነበር። ወጣቱ በወቅቱ ሃያ ዓመት እንኳ አልሞላውም።

ከ11 ዓመታት በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1989፣ ያው ኩባንያ ራሱ ለገበያ ቀረበና ፖሊግራም ለተባለው ድርጅት በ500 ሚሊዮን ዶላር ገደማ ተሸጠ። ገዢው ይህን ያህል ገንዘብ ያወጣው ለቢሮው ወንበርና ጠረጴዛ አልነበረም። ዋናው ሀብት በመደርደሪያ ላይ የተቀመጡት የተቀዱ ዘፈኖች ነበሩ። ከእነዚህም መካከል በዚያ አሥር ዓመት ውስጥ በሚሊዮን ቅጂ የተሸጡት የአዳምስ ሥራዎች ይገኙባቸዋል።

በአንድ ዶላርና በ500 ሚሊዮን ዶላር መካከል ያለው ርቀት የአንድ ዘፋኝ የሕይወት ታሪክ ብቻ አይደለም። ሸቀጡ ገና ዋጋው ሳይታወቅ የሸጠ ሰው ኋላ ዋጋው ሲታወቅ ምን ማድረግ ይችላል የሚለውን የገበያ ጥያቄ ያነሳል።

ሳህን አጣቢው ባለፒያኖ

አዳምስ እ.ኤ.አ. ኅዳር 5 ቀን 1959 በኦንታሪዮ ክፍለ ሀገር በኪንግስተን ከተማ ተወለደ። ወላጆቹ ከእንግሊዝ አገር የፈለሱ ሲሆኑ አባቱ መጀመሪያ የጦር መኮንን፣ በኋላም ዲፕሎማት ነበሩ። በዚህም ምክንያት ልጁ በፖርቱጋል፣ በኦስትሪያና በእስራኤል እየተዘዋወረ አደገ። ወላጆቹ ሲለያዩ ከእናቱና ከወንድሙ ጋር ቫንኩቨር አካባቢ መኖር ጀመረ።

ትምህርቱን ያቋረጠው ገና በአሥራዎቹ ዕድሜ ነው። ለዩኒቨርሲቲ ተብሎ የተቀመጠለትን ገንዘብ አውጥቶ ትልቅ ፒያኖ ገዛበት፤ የዕለት ወጪውን ደግሞ በምግብ ቤት ሳህን እያጠበ ይሸፍን ነበር። እ.ኤ.አ. በ1976 ስዊኒ ቶድ የተባለው የቫንኩቨር ባንድ ድምፃዊ ሲለቅበት ተተክቶ ገባ። ያ ዕድል ብዙ አልዘለቀም።

ለውጡ የመጣው እ.ኤ.አ. በጥር 1978 ነው። አዳምስ በቫንኩቨር በአንድ የሙዚቃ መሣሪያ መደብር ውስጥ ጂም ቫላንስ ከተባለ የቀድሞ የባንድ ከበሮ መቺ ጋር ተገናኘ። ቫላንስ መዞርና መድረክ ሰልችቶት ቤቱ ቁጭ ብሎ ዘፈን መጻፍ የሚፈልግ ሰው ነበር። አዳምስ ደግሞ መድረኩን የሚፈልግ፣ የሚጽፍለት ጓደኛ የሚሻ ወጣት ነው። አንዱ የጎደለውን ሌላው ስለያዘ ሽርክናው ሠመረ። ሁለቱ የሠሯቸውን የሙከራ ቅጂዎች ለአሳታሚዎች በመላክ ነው የአንድ ዶላሩ ውል የተገኘው።

የልደት ቀን አልበም

በ1980 የወጣው የመጀመሪያው አልበም ገበያ አላገኘም። በ1981 የወጣው ሁለተኛው ጥቂት አንቀሳቀሰው። በ1983 «ከትስ ላይክ ኤ ናይፍ» የተባለው ሦስተኛው አልበም የአሜሪካን ገበያ ከፈተለት። በዚህ ጊዜ ሁሉ የስቱዲዮውንና የማስታወቂያውን ወጪ የቻለው አሳታሚው ነው። ይህ በአሳታሚው በኩል ሊነሳ የሚገባው እውነት ነው፤ ሦስት አልበም ድረስ የታገሠ ኩባንያ የራሱን ገንዘብ ለአደጋ አጋልጧል።

ትዕግሥቱ የተከፈለው አዳምስ 25ኛ ዓመቱን በደፈነበት ዕለት፣ እ.ኤ.አ. ኅዳር 5 ቀን 1984 ለገበያ በቀረበው «ሬክለስ» በተሰኘው አልበም ነው። አልበሙ በካናዳ ውስጥ ከአንድ ሚሊዮን ቅጂ በላይ የተሸጠ የመጀመሪያው የካናዳዊ ሥራ ሆነ። ከውስጡ የወጣው «ሄቨን» የተባለው ዘፈን በ1985 በአሜሪካ የዘፈኖች ሰንጠረዥ አንደኛ ወጣ።

በዚያው ዓመት የአዳምስ ስም ከኢትዮጵያ ጋር ተያያዘ። በ77ቱ ድርቅ ምክንያት የእንግሊዝና የአሜሪካ ዘፋኞች በየፊናቸው ለእርዳታ ሲዘፍኑ ካናዳውያኑም የራሳቸውን አዘጋጁ። እ.ኤ.አ. የካቲት 10 ቀን 1985 በቶሮንቶ ከተማ ጆኒ ሚቸልና ኒል ያንግን የመሳሰሉ ከ50 የሚበልጡ አርቲስቶች በአንድ ስቱዲዮ ተሰብስበው «ቲርስ አር ኖት ኢናፍ» የተባለውን ዘፈን ቀዱ። ዜማው የዴቪድ ፎስተር ሲሆን በግጥሙ ላይ አዳምስና ቫላንስ ዋነኞቹ ጸሐፊዎች ነበሩ። ከሽያጩ ከ3 ሚሊዮን ዶላር በላይ ለእርዳታ ተሰበሰበ። አዳምስ በሐምሌ ወር በፊላዴልፊያ በተካሄደው የላይቭ ኤይድ መድረክም ላይ ለዚሁ ዓላማ ዘፍኗል። አንድ ዘፈን ገቢው ለማን እንደሚሄድ የሚወስነው መብቱን የያዘው ወገን ስለሆነ፣ ደራሲዎቹና ዘፋኞቹ ይህን ሥራ ለተራቡ ወገኖች መስጠት ችለዋል።

የኮታው ጣጣ

የካናዳ መንግሥት ጎረቤቱ አሜሪካ ገበያውን እንዳትውጠው በመስጋት ከ1971 ጀምሮ የሬዲዮ ጣቢያዎች ከሚያሰሙት ዘፈን 30 በመቶው ካናዳዊ እንዲሆን የሚያስገድድ ደንብ አውጥቶ ነበር። በ1999 ኮታው ወደ 35 በመቶ ከፍ ብሏል። አንድ ዘፈን ካናዳዊ ለመባል ከአራት መስፈርቶች ሁለቱን ማሟላት አለበት። እነርሱም የዜማው ደራሲ፣ የግጥሙ ደራሲ፣ ዋናው ድምፃዊ እና የተቀዳበት ቦታ ናቸው።

አዳምስ በ1991 «ዌኪንግ አፕ ዘ ኔይበርስ» የተባለውን አልበም ሲያወጣ አብሮት የጻፈው ካናዳዊ ያልሆነው ሮበርት ጆን ላንግ ነበር። ከዚህ አልበም ውስጥ ለሮቢን ሁድ ፊልም የተሠራው «ኤቭሪቲንግ አይ ዱ፣ አይ ዱ ኢት ፎር ዩ» በእንግሊዝ አገር ለ16 ተከታታይ ሳምንታት፣ በአሜሪካ ደግሞ ለ7 ሳምንታት አንደኛ ሆኖ ቆየ። በአገሩ በካናዳ ግን ያልተጠበቀ ነገር ገጠመው። ዜማውና ግጥሙ ሙሉ በሙሉ በካናዳዊ አልተደረሰም፣ ቀረጻውም በከፊል በእንግሊዝ ተካሂዷል በሚል ከአራቱ አንድ ነጥብ ብቻ ተቆጠረለት። በመሆኑም በዓለም ገበያ የታወቀው ካናዳዊ ዘፈን በሕግ ፊት ካናዳዊ ሳይሆን ቀረ።

ይህ ማለት ዘፈኑ ተከለከለ ማለት አይደለም። ጣቢያዎች ሊያሰሙት ይችላሉ፤ ሆኖም ከኮታው አይታሰብላቸውም። በ1992 አዳምስ በይፋ ተቃወመ፣ ጉዳዩም የአገር መነጋገሪያ ሆነ። በ1993 ደንቡ ተሻሽሎ ካናዳዊው ከውጭ ዜጋ ጋር ሲጽፍ በዜማውም በግጥሙም ቢያንስ የግማሽ ድርሻ ካለው ሥራው እንደ ካናዳዊ እንዲቆጠር ተደረገ። ዘፋኙ አንድ የገበያ ደንብ በጩኸት ሊለወጥ እንደሚችል ያየው ያኔ ነው። ቀጣዩ ትግል ግን እንዲህ ቀላል አልሆነለትም።

ባለቤቱ ሲለዋወጥ

አንድ የተቀዳ ዘፈን ሁለት ንብረት ነው። አንደኛው ድርሰቱ፣ ማለትም ዜማውና ግጥሙ ሲሆን ሁለተኛው ስቱዲዮ ውስጥ የተቀዳው ዋናው ቅጂ ነው። በተለመደው አሠራር ዋናው ቅጂ፣ እኛ ዘንድ ሙዚቃ ቤት እንደምንለው ዓይነት፣ ወጪውን የቻለው አሳታሚ ንብረት ይሆናል። ዘፋኙ ከሽያጩ ላይ የተወሰነ መቶኛ ይታሰብለታል፤ ያውም በቅድሚያ የተሰጠው ገንዘብና ሌሎች ወጪዎች ከተቀነሱ በኋላ ነው።

ንብረት ደግሞ ይሸጣል፣ ይለወጣል። ኤ ኤንድ ኤምን በ1962 በሎስ አንጀለስ ከመኪና ጋራዥ ተነስተው ያቋቋሙት ጥሩንባ ነፊው ኸርብ አልፐርትና ሸሪኩ ጄሪ ሞስ ነበሩ። በ1989 ወደ ፖሊግራም ሲያልፍ የፖሊግራም ዋና ባለድርሻ የኔዘርላንዱ ፊሊፕስ ነበር። በ1998 የካናዳው የውስኪ አምራች ሲግራም ፖሊግራምን ከ10 ቢሊዮን ዶላር በሚበልጥ ዋጋ ጠቅልሎ ከዩኒቨርሳል ጋር ቀላቀለው። በ2000 ሲግራም ራሱ ከፈረንሳዩ ቪቬንዲ ጋር ተዋሐደ። በ2021 ዩኒቨርሳል ሙዚቃ ለብቻው ተነጥሎ በአምስተርዳም የአክሲዮን ገበያ ተመዘገበ። አሜሪካዊ፣ ኔዘርላንዳዊ፣ ካናዳዊ፣ ፈረንሳዊ፣ በመጨረሻም የየትኛውም አገር ባለአክሲዮን ማለት ነው። ዘፋኙ ከቦታው ሳይንቀሳቀስ ጌታው አራት ጊዜ ተለወጠ።

ባለሃብቶች ይህን ንብረት የሚሻሙት ያለ ምክንያት አይደለም። የታወቀ ዘፈን እንደ ኪራይ ቤት ነው፤ በሬዲዮ፣ በፊልም፣ በማስታወቂያና አሁን ደግሞ በኢንተርኔት በተደመጠ ቁጥር ኪራይ ያስገባል፣ የጥገና ወጪውም አነስተኛ ነው። በ2021 ብሩስ ስፕሪንግስቲን ሥራዎቹን ለሶኒ የሸጠበት ዋጋ 500 ሚሊዮን ዶላር ገደማ እንደሆነ ተዘግቧል። ኤ ኤንድ ኤም በ1989 ከነሙሉ ይዞታው ከተሸጠበት ዋጋ ጋር የሚቀራረብ መሆኑ ነው፤ የገንዘቡ የመግዛት አቅም በመካከሉ ቢቀንስም እንኳ ያሁኑ ሻጭ አንድ ዘፋኝ ብቻ ነው።

የአንድ ቃል ክርክር

እ.ኤ.አ. መስከረም 18 ቀን 2018 አዳምስ በኦታዋ የፓርላማው የቅርስ ጉዳዮች ኮሚቴ ፊት ቀርቦ ሕጉ ላይ አንድ ቃል ብቻ እንዲለወጥ ጠየቀ። በካናዳ የቅጂ መብት ሕግ መሠረት አንድ ደራሲ በውል ያስተላለፈው መብት ደራሲው ከሞተ ከ25 ዓመት በኋላ ወደ ወራሾቹ ይመለሳል። የአዳምስ ጥያቄ «ሞት» የሚለው ቃል ወጥቶ «ዝውውር» በሚለው እንዲተካ፣ ማለትም የ25 ዓመቱ ቆጠራ መብቱ ከተላለፈበት ቀን እንዲጀምር ነው።

ልዩነቱ በቁጥር ሲታይ ግልጽ ነው። በ20 ዓመቱ የፈረመና በ80 ዓመቱ የሚሞት ደራሲ ሥራው የሚመለሰው ከፊርማው ከ85 ዓመት በኋላ ለልጅ ልጆቹ ነው። በአዳምስ ሐሳብ ግን በ45 ዓመቱ፣ ገና ሊሠራበትና ሊነግድበት በሚችልበት ዕድሜ፣ በእጁ ይገባል። አሜሪካ ውስጥ ከ1978 ወዲህ ለተፈረሙ ውሎች ደራሲው ከ35 ዓመት በኋላ መብቱን መልሶ እንዲጠይቅ ሕጉ ስለሚፈቅድ ጥያቄው እንግዳ አይደለም።

የአሳታሚዎቹ ወገን ክርክርም ቀላል አይደለም። ከሚታተሙት አልበሞች አብዛኞቹ ወጪያቸውን አይመልሱም፤ የጥቂቶቹ ትርፍ ነው የብዙዎቹን ኪሳራ የሚሸፍነው። ንብረቱ በ25 ዓመት የሚመለስ ከሆነ ገዢው ዛሬ የሚከፍለውን ዋጋ ዝቅ ያደርጋል። የሚጎዳው ደግሞ ለወጉ ያህል እንኳ የሚደራደርበት ስም የሌለው ጀማሪው ይሆናል ይላሉ። በአንጻሩ ጀማሪው በፊርማው ዕለት ስለ ዋጋው የሚያውቀው ነገር ስለሌለ ሁለተኛ የመደራደር ዕድል ይገባዋል የሚለው የአዳምስ ወገን መከራከሪያ ነው።

በ2019 የፓርላማ ኮሚቴዎች ባወጧቸው ሪፖርቶች ከ25 ዓመት በኋላ መብትን የማስመለስ ሐሳብ ድጋፍ አገኘ። ይሁን እንጂ በ2022 ሕጉ ሲሻሻል የተለወጠው ሌላ ነገር ነበር። ደራሲው ከሞተ በኋላ ለ50 ዓመት ይቆይ የነበረው የመብት ዘመን ወደ 70 ዓመት ተራዘመ። ንብረቱ ዕድሜው ጨመረ፤ አዳምስ የጠየቀው ቃል ግን ባለበት ቀረ።

እንደገና መዝፈን

ሕጉን ያልጠበቀው ዘፋኝ በገበያው በኩል መጣ። አሳታሚው የያዘው በዚያ ቀን የተቀዳውን ድምፅ እንጂ የዘፋኙን ጉሮሮ አይደለም። ውሉ ያስቀመጠው የእገዳ ጊዜ ካለፈ በኋላ ያንኑ ዘፈን እንደ አዲስ መቅዳት ይቻላል። አዳምስ በ2022 «ክላሲክ» በሚል ርዕስ በሁለት ክፍል የቀድሞ ዘፈኖቹን እንደ አዲስ ዘፍኖ አወጣ። አሜሪካዊቷ ቴይለር ስዊፍትም ከ2021 ጀምሮ የሄደችበት መንገድ ይኸው ነው።

ሥሌቱ የነጋዴ ነው። አንድ የፊልም አዘጋጅ ወይም የማስታወቂያ ድርጅት «ሄቨን»ን ለመጠቀም ከፈለገ የድርሰቱንም የቅጂውንም ባለቤት ማስፈቀድ አለበት። አሁን ግን ሁለት ቅጂ በገበያ ላይ አለ፣ ከሁለቱ አንደኛውም የዘፋኙ ነው። አሮጌውን ቅጂ ማስመለስ ባይቻልም ተወዳዳሪ ማምጣት ተችሏል። የመጀመሪያውን ቅጂ የለመደው አድማጭ ምን ያህል ወደ አዲሱ ይዞራል የሚለውን ገበያው የሚፈታው ይሆናል።

በ2025 አዳምስ «ሮል ዊዝ ዘ ፓንችስ» የተባለውን አልበም ያወጣው ባድ ሬከርድስ በተሰኘው የራሱ ኩባንያ ሥር ነው። በአሥራዎቹ ዕድሜ በአንድ ዶላር የፈረመው ሰው በ65 ዓመቱ ለራሱ ፈረመ ማለት ነው።

ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል ይባላል። የንግድ ውል ግን እንዲህ አይደለም፤ ሲሮጡ የታጠቁት ውል የታጠቀው ሰው ሮጦ ከደከመ በኋላም ጠብቆ ይቆያል። ዛሬ ዋጋው ያልታወቀ ነገር የሚሸጥ ወጣት ከገዢው ጋር ስለ ገንዘቡ መጠን መከራከር ላይችል ይችላል፤ ለስንት ዓመት እንደሚሸጥ መጠየቅ ግን ዋጋ አያስከፍልም።