ለሟች ሠራተኛ ልጅ እንጀራ ነው ወይስ ወንበር?

ሰው ሟች ነው፤ የመንግሥት ሥራ ግን ከሠራተኛው ሞት በኋላም ይቀጥላል። በሆሳዕና ዙሪያ ባለው በሌሞ ወረዳ አንድ መምህር ቢሞት፥ ተማሪዎቹ ሌላ መምህር ይጠብቃሉ፤ ሚስቱና ልጆቹም የወሩን እንጀራ ይጠብቃሉ። ያን ጊዜ ባልቴቲቱ ማመልከቻ ይዛ ወደ ሹሙ ትመጣለች፤ ቃሏም ልጄ በአባቱ ቦታ ይግባልኝ የሚል ነው። ሹሙም የባልንጀራውን ልጅ አይቶ ቢራራ የሚነቀፍ አይደለም። ነገር ግን ለሙት ልጅ የሚገባው እንጀራ ነው ወይስ የአባቱ ወንበር? ብሎ አስቀድሞ መመርመር ይገባል።

ነገሩ ለአገራችን አዲስ አይደለም። በቀድሞው የሰሞን መሬት ሥርዓት አገልጋዩ ካህን ሲሞት መሬቱ ለወራሾቹ ይተርፍ ነበር። ወራሹ ሴት ወይም ሕፃን ቢሆን የተማረ ካህን በምትኩ አቁሞ ያስገለግል ነበር እንጂ፥ ስለ ውርስ ሲባል ያልተማረ ሰው ወደ መቅደስ አይገባም ነበር። በሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 6 እንደ ተነገረውም፥ ባልቴቶች ከዕለት ምግብ ስለ ተረሱ ቅሬታ በተነሣ ጊዜ፥ ሐዋርያት የባልቴቶቹን ልጆች አልሾሙም፤ መልካም ምስክርነት ያላቸውን 7 ሰዎች አስመርጠው ምግቡን አስተካከሉ። መብሉ ለተቸገረ፥ ሹመቱም ለሚችል ሆነ።

ሕጋችንም ይህንኑ መንገድ ይዟል። የጡረታ አዋጅ ቁጥር 714/2003፥ ቢያንስ 10 ዓመት ያገለገለ ሠራተኛ ሲሞት ከአበሉ 50 በመቶ ለሚስት ወይም ለባል፥ 20 በመቶ ለእያንዳንዱ ለአካለ መጠን ያልደረሰ ልጅ እንዲከፈል ደነገገ፤ በእግሩ የተተካው አዋጅ ቁጥር 1267/2014ም ለሟች ቤተ ሰብ አበል መክፈሉን አላቋረጠም። ሕጉ እነዚህን ወገኖች ተተኪዎች ብሎ ይጠራቸዋል፤ ነገር ግን የሚተኩት በአበሉ እንጂ በሥራው አይደለም። የፌዴራል መንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 515/1999ም በክፍት ቦታ የሚቀጠረው ተወዳድሮ ብልጫ ያገኘ ሰው ብቻ እንዲሆን አዝዞ ነበር።

ወንበሩ በዝምድና ቢሰጥ የሚጎዳ ሌላ ድኃ አለና። ከዋቸሞ ዩኒቨርሲቲ ተመርቆ የቅጥር ማስታወቂያ የሚጠብቀው የገበሬ ልጅ፥ አባቱ የመንግሥት ደመወዝ በልቶ ስለማያውቅ ሊወርሰው የሚችለው ቦታ የለውም። እውነተኛው በር ሲዘጋበት የደቡብ አፍሪካን አስጨናቂ መንገድ ያስባል፤ ከሆሳዕና አካባቢ በዚህ መንገድ ብዙ ወጣት እንደ ሄደ ሁላችን እናውቃለን።

በህንድ አገር ለሟች ሠራተኛ ቤተ ሰብ ሥራ መስጠት ተፈቅዷል። ሆኖም የማዕከላዊው መንግሥት ደንብ ይህ ዕድል በዝቅተኛ የሥራ ክፍሎች ከሚደረገው ቀጥተኛ ቅጥር ከ5 በመቶ እንዳይበልጥ ወስኗል። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም በ1986 ዓ.ም. ነገሩ ቤተ ሰቡን ከድንገተኛ ችግር ለማውጣት ነው እንጂ የውርስ መብት አይደለም ሲል ፈርዷል።

ይህን ስንል ባልቴቲቱን ባዶ እጅዋን ስደዱ ማለታችን አይደለም። አገልግሎቱ 10 ዓመት ሳይሞላ በሕመም የሞተ ሠራተኛ ለቤተ ሰቡ የሚተርፈው አንድ ጊዜ የሚከፈል ዳረጎት ነው፤ ይህም ብዙ ወራት አያደርስም። የጡረታ መብት ያላቸውም ቢሆኑ የጋብቻና የልደት ማስረጃ ስላልተሟላ በየቢሮው ደጅ ሲጠኑ ይከርማሉ።

እንግዲህ የመሥሪያ ቤት ሹም የሠራተኛውን ሚስትና ልጆች ሠራተኛው በሕይወት ሳለ በማኅደሩ ያስመዝግብ፤ ሞት በደረሰ ጊዜም ወረቀቱን ራሱ አስጨርሶ ለባልቴቲቱ ያድርስላት። ካህናትም ተጋቢዎችን ጋብቻቸውን፥ ወላጆችንም የልጆቻቸውን ልደት በክብር መዝገብ እንዲያስጽፉ ይምከሩ። የሙት ልጅ ትምህርቱን እንዲጨርስ ይታገዝ፤ ከዚያም ከእኩዮቹ ጋር ይወዳደር። ከዚህ አልፎ ሥራ ይሰጠው ከተባለ፥ መጠኑ በሕግ ተወስኖ ለሁሉ በግልጽ ይነገር እንጂ በሹም ርኅራኄ ብቻ አይሁን። ለአንዱ የሙት ልጅ ስንራራ ሌላውን ድኃ እንዳንበድል እንጠንቀቅ።