የኢንዶኔዥያ መዝናኛ ከጃካርታ ሲወጣ

ኢንዶኔዥያ ውስጥ የቴሌቪዥን ስርጭት የተጀመረው እ.ኤ.አ. በ1962፣ ጃካርታ የእስያ ጨዋታዎችን ባስተናገደችበት ዓመት ነው። የመጀመሪያው የግል ጣቢያ አርሲቲአይ በ1989 እስኪከፈት ድረስ ሕዝቡ የሚያየው የመንግሥቱን ጣቢያ ቲቪአርአይን ብቻ ነበር። ጣቢያዎች በዝተው ሲኔትሮን የሚባሉት ተከታታይ ድራማዎች ምሽቱን ከሞሉት በኋላም ማን ዝነኛ እንደሚሆን የሚወሰነው በጃካርታ ነበር። በመቶዎች የሚቆጠሩ ቋንቋዎች ለሚነገሩባት አገር ይህ በጣም ጠባብ በር ነው።

በሩን የገፋው ዳንግዱት ነው። የማላይን ዜማ ከህንድ ፊልም ሙዚቃ፣ ከዐረብ ስልትና ከሮክ ጊታር ያዋሃደውን ይህን የተራ ሰው ዘፈን በ1970ዎቹ ያነገሠው ሮማ ኢራማ ነው። ቆይቶ በምሥራቅ ጃቫ ኮፕሎ የተባለው፣ ከበሮው የፈጠነ ስልት መጣ። በሠርግና በመንደር ድግስ የሚጫወቱ ባንዶች በቪሲዲ እየተቀረጹ ገበያ ላይ ይሸጡ ነበር። ዘፋኟ ኢኑል ዳራቲስታ የወጣችው ከዚሁ መድረክ ነው። እንደ መሰርሰሪያ የሚሽከረከረው የዳሌ ውዝዋዜዋ በሕገወጥ ቅጂ አገር ካዳረሰ በኋላ፣ በ2003 የጃካርታ ጣቢያዎች ተሻሙባት። ሮማ ኢራማ ነውር ነው ብሎ አወገዛት፤ ክርክሩ ግን ዝናዋን አላቆመውም። ተመልካች ራሱ መርጦ ያነገሣት ይህች ሴት የታየችው ዩቲዩብ ከመከፈቱ ሁለት ዓመት ቀድሞ ነው፤ የኋላው ታሪክ ሁሉ በእሷ ላይ አስቀድሞ ታይቷል ማለት ይቻላል።

ርካሽ ስልክ ሲስፋፋ መንገዱ ሰፋ። ኮሜዲያኑ ራዲትያ ዲካ በ2012 አስቂኝ ተከታታይ ፊልሙን በዩቲዩብ አወጣ፤ በ2019 የአታ ሃሊሊንታር ቻናል 10 ሚሊዮን ተከታዮችን አለፈ። ከቁጥሩ በላይ የሚያስደስተው ግን የአገሬው ቋንቋዎች ማንሠራራት ነው። የምሥራቅ ጃቫዋ ማላንግ ከተማ ልጅ ባዩ ስካክ በጃቫኛ ቪዲዮ እየሠራ ቆይቶ በ2018 በዚያው ቋንቋ «ዮዊስ ቤን» የተባለውን ፊልም ለሲኒማ አበቃ። በጎዳና ላይ መዝፈን የጀመረው ዲዲ ኬምፖትም ለሦስት አሥርት ዓመታት ያህል በጃቫኛ የልብ ስብራት ሲያዜም ኖሮ፣ በ2019 ወጣቶች በማኅበራዊ ሚዲያ እንደ አዲስ አገኙት። ወላጆቻቸው የሚያዳምጡትን ዘፈን እነሱም እያለቀሱ አብረውት ዘፈኑ። በግንቦት 2020 ሲያርፍ ገና 53 ዓመቱ ነበር።

ዛሬ ሲኒማው ራሱ ከኢንተርኔት ይቀዳል። በ2019 በትዊተር የተተረከ አስፈሪ የመንደር ታሪክ በ2022 ፊልም ሆኖ ወደ 10 ሚሊዮን ተመልካች አገኘ። በ2024 ደግሞ «አጋክ ላኤን» የተባለውን ፊልም ከ9 ሚሊዮን በላይ ሰው አየው፤ ተዋናዮቹ በዚያው ስም ፖድካስት ሲያዘጋጁ የነበሩ አራት ኮሜዲያን ናቸው።