የሞተር ቁልፍና የልጅ ዕድሜ

ከጎንደር ከተማ ተነሥቶ ወደ ደባርቅ የሚወስደውን መንገድ የያዘ መንገደኛ ብዙም ሳይርቅ ወለቃን ያገኛል። ወለቃ በሸክላ ሥራዋ ስሟ የታወቀ መንደር ናት። በዚሁ መንገድ ዛሬ የጭነት መኪናው፣ አውቶቡሱ፣ ባጃጁና ሞተር ብስክሌቱ ከባለ አህያውና ከእግረኛው ጋር እየተጋፉ ያልፋሉ። ሞተር ብስክሌት ለደጋው አገር ትልቅ ረዳት መሆኑን አንክድም፤ የእርሻ ባለሙያውንና የጤና ሠራተኛውን መኪና ከማይገባበት ቀበሌ ያደርሳል። ነገር ግን ጢሙ ገና ያላጎነቆለ ልጅ የአባቱን ወይም የአጎቱን ሞተር ይዞ ሲበር ማየት እንደ ነውር መቈጠሩ እየቀረ በመሄዱ፣ በዚህ ጽሑፍ ወላጆችን ልናነጋግር ወደድን።

የሀገራችን ሕግ በዚህ ነገር የተሸፈነ አይደለም። ስለ አሽከርካሪ ብቃት ማረጋገጫ ፈቃድ የወጣው አዋጅ ቁጥር 1074/2010 ለሞተር ብስክሌት ራሱን የቻለ የፈቃድ ምድብ አለው። ፈቃዱን የሚሻ ሰው ዕድሜው 18 ዓመት የሞላው፣ በሕግ የተወሰነውን የትምህርት ደረጃ ያሟላ፣ ጤንነቱም በሐኪም የተመረመረ መሆን አለበት። ከዚያም በማሠልጠኛ ተቋም ሠልጥኖ የጽሑፍና የተግባር ፈተና ያልፋል። ሞተሩን ቀጥ አድርጎ መንዳት ብቻውን ፈቃድ አያሰጥም ማለት ነው።

«ልጄ ጎበዝ ነው፤ ከትልልቆቹ ይልቅ እርሱ አሳምሮ ይነዳል» የሚል ወላጅ አይጠፋም። እኛም በማስተማር ሥራችን የልጆችን ቅልጥፍና ስለምናውቅ ይህን ሐሰት አንለውም። ይሁን እንጂ የእጅ ቅልጥፍና ሌላ፣ የልብ ብስለት ሌላ ነው። የወለቃን ሸክላ ሠሪ እናት ብንጠይቃት ይህን በቀላሉ ታስረዳናለች። ገንቦው መልኩ ከወጣለት በኋላ ጥቂት ቀን ይደርቃል፤ ከዚያም በእሳት ይተኮሳል። ሳይተኮስ ውሃ ቢቀዱበት ግን፣ መልኩ ምንም ቢያምር፣ ተመልሶ ጭቃ ይሆናል። የ15 ዓመት ልጅም እንዲሁ ነው፤ መሪውን ይይዛል፣ ማርሹንም ይቀይራል፤ ነገር ግን ከፊቱ ድንገት በግ ቢገባበት፣ ጓደኛው ከኋላው ሆኖ «ቅደመው!» ቢለው፣ ራሱን የሚገታበት ኃይል ገና አልጠናለትም።

ይህ ሥርዓት ለእኛ እንግዳ አይደለም። በአብነት ትምህርት ቤታችን ተማሪው ከፊደል ወደ ንባብ፣ ከንባብ ወደ ዜማ እያለ በየደረጃው ይወጣል። አቋቋም ለመማር ወደ ጎንደር በአታ የሚመጣው ደቀ መዝሙርም መምህሩ ዘንድ ሳያስመሰክር ወንበር ዘርግቶ አያስተምርም። መንጃ ፈቃድ እንግዲህ የአሽከርካሪው ምስክር ነው። በአውሮፓ ኅብረት አገሮችም ከ2013 እ.ኤ.አ. ጀምሮ የሚሠራው ሕግ ደረጃ በደረጃ የሚያስወጣ ነው፤ አነስተኛው ሞተር በ16 ዓመት፣ መካከለኛው በ18 ዓመት ይፈቀዳል። ታላቁን ሞተር ለመንዳት ግን በመካከለኛው ሁለት ዓመት የቈየ ሰው 20 ዓመት፣ በቀጥታ የሚጀምር ደግሞ 24 ዓመት ሊሞላው ይገባል። አገሮች ዕድሜውን ዝቅ ወይም ከፍ የሚያደርጉበት ቦታ ቢኖርም መሠረቱ ይኸው ነው። ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል የሚለውን የአባቶቻችንን ተረት እነርሱ ሕግ አድርገው ጻፉት ማለት ይቻላል።

ከሁሉ ይልቅ የሚያሳዝነን የዕድሜው ነገር ነው። በሀገራችን የልደት ምዝገባ በመላው አገር የተጀመረው በ2008 ዓ.ም. ነው። ስለዚህ ዛሬ 18 ዓመት የሚሞላቸው ልጆች የተወለዱት ከዚያ በፊት ሲሆን፣ የብዙዎቹ ዕድሜ የሚታወቀው በወላጅ ቃልና በጥምቀት ምስክር ወረቀት ነው። ወንዱን በ40፣ ሴቷን በ80 ቀን ያስጠመቀ ወላጅ የልጁን ዕድሜ አያጣውም። ታዲያ ለመንጃ ፈቃድ ሲባል ሁለት ወይም ሦስት ዓመት ጨምሮ የሚያስጽፍ ወላጅ ማንን ያታልላል? ወረቀቱ 18 ቢልም ልጁ 15 ነው፤ መንገዱም የሚፈትነው ልጁን እንጂ ወረቀቱን አይደለም። በዚያም ላይ ልጁ ከአባቱ የሚማረው የመጀመሪያ የመንዳት ትምህርት ሐሰት ይሆናል።

ዕዳውም ቢሆን በልጁ ላይ ብቻ አይቀርም። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 2081 የባለሞተር ተሽከርካሪን ባለቤት፣ እንዲነዳ ያልተፈቀደለት ሰው ነድቶት ጉዳት ቢደርስ እንኳ፣ ኃላፊ ያደርገዋል። በቁጥር 2124 ደግሞ አካለ መጠን ያላደረሰ ልጅ ለሚያደርሰው ጉዳት አባት ተጠያቂ መሆኑን ይደነግጋል። እንግዲህ ለአንድ ከሰዓት በኋላ ሽርሽር ተብሎ የተሰጠ ቁልፍ በሬውንና ቤቱን ሊያሸጥ ይችላል። የሌላው ቤት ልጅ ቢሞት ግን ምን ተሸጦ ይመለሳል?

የዓለም ጤና ድርጅት በ2023 እ.ኤ.አ. ባወጣው ዘገባ በመንገድ አደጋ በያመቱ 1.19 ሚሊዮን ያህል ሰዎች እንደሚሞቱ፣ ከ5 እስከ 29 ዓመት ያሉትን ልጆችና ወጣቶች ከሚገድሉ ምክንያቶችም ቀዳሚው ይኸው መሆኑን ገልጿል። ፈቃድ ያገኘውም ቢሆን የራስ ቁር፣ ማለት ሄልሜት፣ ሳያጠልቅ ሊነሣ አይገባውም። በ2008 እ.ኤ.አ. ብዙ ጥናቶችን አሰባስቦ የመረመረ ሥራ የራስ ቁር የሞትን አደጋ በ42 ከመቶ፣ የራስ ጉዳትን በ69 ከመቶ እንደሚቀንስ አሳይቷል። ከኋላ ለሚቀመጠውም እንደዚሁ ያስፈልገዋል።

ስለዚህ ወላጆች ሆይ፣ ልጃችሁ ሞተር ሲለምናችሁ በቍጣ አትመልሱት፤ ቀኑን ንገሩት። እስከዚያው የመንገድ ምልክቶችን ያጥና፤ በተራ ብስክሌት ዳር ይዞ መሄድን ይልመድ። 18 ዓመት ሲሞላው የማሠልጠኛውን ገንዘብ ክፈሉለት፤ ከሞተሩም አስቀድማችሁ የራስ ቁሩን ግዙለት። ቁልፉ ግን እስከዚያ ቀን ድረስ ልጁ ከማያገኘው ቦታ ይቀመጥ።