ለአጋዘን አደን የሚያገለግል ባለ ቋሚ ምላጭ የፍላጻ ራስ፦ አመራረጡና አፈታተሹ

በዩናይትድ ስቴትስ በቀስት የሚካሄድ የአጋዘን አደን በየግዛቱ ሕግ የሚመራ፣ ፈቃድ የሚጠይቅና የተወሰነ ወቅት ያለው ተግባር ነው። በርካታ ኢትዮጵያውያንና ትውልደ ኢትዮጵያውያን በሚኖሩባቸው እንደ ሚኒሶታና ቨርጂኒያ ባሉ ግዛቶች ባለ ነጭ ጅራት አጋዘን በስፋት ይታደናል። የዚህን አደን ውጤት ከሚወስኑት ነገሮች አንዱ በፍላጻው ጫፍ ላይ የሚታሰረው ባለ ምላጭ ራስ ነው፤ በተለምዶ ብሮድሄድ ይባላል። ብሮድሄዱ በአግባቡ ካልተመረጠና ካልተፈተሸ እንስሳው ቆስሎ ሊያመልጥና ሳይገኝ ተሰቃይቶ ሊሞት ይችላል። በመሆኑም ፍተሻው አዳኙ ለእንስሳው ያለበት ግዴታ መሆኑን መገንዘብ ያስፈልጋል።

በቅድሚያ ስለ ስሙ ማብራራት ተገቢ ነው። በአገራችን «አጋዘን» የሚለው ስም ብዙውን ጊዜ ቀንዳቸው ዕድሜ ልክ ለሚቆይ እንስሳት ይሰጣል፤ የባሌ ተራሮች የደጋ አጋዘን ለዚህ ምሳሌ ነው። የአሜሪካው አጋዘን ግን ከሌላ ቤተሰብ የሚመደብ ሲሆን፣ የወንዱ ቀንድ በየዓመቱ ወድቆ እንደገና ይበቅላል። በዚህ ጽሑፍ አጋዘን ስንል ይህንኑ የአሜሪካ እንስሳ ማለታችን ነው።

የብሮድሄድ አሠራር

ፍላጻ እንደ ጥይት በከፍተኛ ኃይል አካልን በመጉዳት አይገድልም። ሥራው የደም ሥሮችን፣ ሳንባንና ልብን ቆርጦ ፈጣን የደም መፍሰስ ማስከተል ነው። ስለታም ምላጭ የነካውን የደም ሥር ይቆርጣል፤ ዱልዱም ምላጭ ግን የደም ሥሩን ወደ ጎን ገፍቶ ሊያልፍ ይችላል። ፍላጻው በአንድ በኩል ገብቶ በሌላው በኩል ሲወጣ ደም በሁለቱም ቀዳዳዎች ስለሚፈስ እንስሳውን በዱካው ተከትሎ ማግኘት ይቀላል።

ብሮድሄዶች በሁለት ዋና ዋና ክፍሎች ይመደባሉ። የመጀመሪያው ምላጮቹ ሁልጊዜ ወጥተው የሚታዩበት ባለ ቋሚ ምላጭ ነው። ሁለተኛው ምላጮቹ በበረራ ጊዜ ታጥፈው ቆይተው ከእንስሳው አካል ጋር ሲገናኙ የሚከፈቱበት ነው። ቋሚው ተንቀሳቃሽ ክፍል ስለሌለው ምላጩ ሳይከፈት ይቀራል የሚል ስጋት የለበትም፤ ለመከፈት የሚያባክነው ጉልበትም የለም። ይህም በዝቅተኛ ክብደት የሚስብ ቀስት ለሚጠቀሙ አዳኞች ትልቅ ጥቅም አለው። በአንጻሩ በፍላጻው ፊት ያሉት ምላጮች እንደ ክንፍ ሆነው ነፋስን ስለሚይዙ፣ ቀስቱ በትክክል ካልተስተካከለ ፍላጻውን ከመንገዱ ያስወጡታል። የፍተሻው አስፈላጊነት የሚመነጨውም ከዚሁ ነው።

በምርጫ ወቅት ሊታዩ የሚገባቸው ነጥቦች

*ሕጋዊነት።* ሚኒሶታም ሆነ ቨርጂኒያ ለአጋዘን አደን የሚውል ብሮድሄድ ቢያንስ 7/8 ኢንች፣ ማለትም 22 ሚሊ ሜትር ያህል ስፋት እንዲኖረው ያስገድዳሉ። ሚኒሶታ በተጨማሪ ቢያንስ ሁለት የብረት ስለቶች እንዲኖሩትና ወደ ኋላ የሚይዝ መንጠቆ እንዳይኖረው ትደነግጋለች። ደንቡ ከግዛት ግዛት ስለሚለያይና ሊሻሻልም ስለሚችል፣ ከግዥ በፊት የግዛቱ የተፈጥሮ ሀብት መሥሪያ ቤት ለዓመቱ ያወጣውን መመሪያ ማንበብ ያስፈልጋል።

*ክብደት።* በገበያ ላይ በብዛት የሚገኙት 100 እና 125 ግሬን የሚመዝኑት ናቸው፤ ይህም በቅደም ተከተል 6.5 እና 8.1 ግራም ያህል ነው። ብሮድሄዱ አዳኙ ከሚለማመድበት ጫፍ ጋር እኩል መመዘን ይኖርበታል። የፊቱ ክብደት ሲጨምር ፍላጻው በሚወነጨፍበት ቅጽበት ይበልጥ ስለሚተጣጠፍ፣ ከ100 ወደ 125 ግሬን የሚሸጋገር አዳኝ የፍላጻው ዘንግ ጥንካሬ ለአዲሱ ክብደት የሚመጥን መሆኑን ማረጋገጥ አለበት።

*የምላጭ ብዛትና ስፋት።* ሁለት ምላጭ ያለው ራስ የሚገጥመው ተቃውሞ አነስተኛ በመሆኑ ወደ ውስጥ ዘልቆ ይገባል። ሦስት ወይም አራት ምላጭ ያለው ደግሞ ሰፋ ያለ ቁስል ይከፍታል፤ ነገር ግን የበለጠ ጉልበት ይጠይቃል። ስፋቱ በጨመረ መጠን ነፋስ የመያዝ ባሕርዩም ስለሚጨምር ሰፊው ሁልጊዜ የተሻለ ነው ማለት አይቻልም።

*የጫፉ ቅርጽ።* ከጫፉ ጀምሮ ስለት ያለው ራስ ቆዳን እንደነካ መቁረጥ ይጀምራል። ጫፉ እንደ መሮ የተቀረጸው ደግሞ አጥንት ሲገጥመው የመጣመም ዕድሉ አነስተኛ ነው።

*የሥራው ጥንካሬ።* ምላጩም ሆነ ምላጮቹ የሚታሰሩበት ግንድ መታየት አለባቸው። ከአሉሚኒየም የተሠራ ግንድ ቀላል ቢሆንም ከአጥንት ጋር ሲጋጭ ከብረቱ ይልቅ በቀላሉ ይጣመማል። የማይዝግ ብረት እርጥበትን ሲቋቋም፣ ሌላው ብረት ዘይት ካልተቀባ በጥቂት ቀናት ውስጥ ስለቱን ዝገት ሊበላው ይችላል።

ስለ ፍላጻ ዘልቆ መግባት ለረጅም ዓመታት ያጠኑት ኤድ አሽቢ በደቡብ አፍሪካ ናታል የጀመሩት ምርመራ ለዚህ ጥሩ ማሳያ ነው። አሽቢ ለዘልቆ መግባት ወሳኝ ናቸው ካሏቸው ነጥቦች መካከል ቀዳሚውን ስፍራ የሰጡት ለፍላጻው ሳይሰበርና ሳይጣመም መቆየት ሲሆን፣ በሁለተኛ ደረጃ ያስቀመጡት የበረራውን ቀጥተኛነት ነው።

ከአደን ወቅት በፊት የሚከናወኑ ፍተሻዎች

1. *የቀጥተኛነት ፍተሻ።* ብሮድሄዱ የታሰረበትን ፍላጻ በጠንካራ ጣውላ ላይ ጫፉን አቁሞ በጣት ማሽከርከር፤ ራሱና ዘንጉ የሚገናኙበትን ቦታም በትኩረት መመልከት ያስፈልጋል። ከተወዛወዘ ያንኑ ራስ በሌላ ፍላጻ ላይ አስሮ መድገም ነው። መወዛወዙ ከራሱ ጋር ከሄደ ጥፋቱ የራሱ ነው፤ ከመጀመሪያው ፍላጻ ጋር ከቀረ ግን የዘንጉ አፍ ቀጥ ብሎ አለመቆረጡን ወይም በውስጡ የተለጠፈው ማሰሪያ መዛነፉን ያመለክታል።

2. *የክብደት ፍተሻ።* በአንድ ማሸጊያ ውስጥ የተሸጡ ራሶች እንኳ በክብደት ሊለያዩ ስለሚችሉ እያንዳንዱን መመዘንና ተቀራራቢዎቹን ለአደን መለየት ይመከራል።

3. *የስለት ፍተሻ።* በብርጭቆ አፍ ላይ ላስቲክ ወጥሮ ምላጩን በቀስታ ማስነካት ጥሩ መመዘኛ ነው። ስለታም ምላጭ ሳይጫኑት ይበጥሰዋል፤ ዱልዱሙ ላስቲኩን እየገፋ ይለጥጠዋል። አዲስ ከማሸጊያ የወጣም ቢሆን ፈተናውን ካላለፈ በሞረድ መሳል ወይም ምላጩን መቀየር ያስፈልጋል። ስለትን በጣት መሞከር አደገኛ ነው።

4. *የበረራ ፍተሻ።* ዋናው ፍተሻ ይህ ነው። በመጀመሪያ ከ20 ያርድ፣ ማለትም ከ18 ሜትር ርቀት፣ በልምምድ ጫፍና በብሮድሄድ እያፈራረቁ መወርወር፤ ከዚያም ርቀቱን ወደ 30 እና 40 ያርድ ማሳደግ ነው። ምላጭ የሌላውን ፍላጻ ላባና ዘንግ ስለሚቆርጥ እያንዳንዱ ብሮድሄድ የተለየ ነጥብ ይነጣጠርለታል። ሁለቱ አንድ ቦታ ካረፉ ቀስቱ ተስተካክሏል። ብሮድሄዱ በተደጋጋሚ ከልምምዱ ጫፍ በስተግራ ካረፈ፣ በኮምፓውንድ ቀስት ላይ የፍላጻውን ማረፊያ ወደ ቀኝ በጥቂቱ ማንቀሳቀስ ያስፈልጋል፤ ዝቅ ብሎ ካረፈ ማረፊያውን ከፍ ማድረግ ነው። በአጭሩ ማረፊያው የሚንቀሳቀሰው የልምምዱ ጫፍ ወዳረፈበት አቅጣጫ ነው። በአንድ ጊዜ ከአንድ ሚሊ ሜትር በላይ አለመነካካት፣ ከእያንዳንዱ ለውጥ በኋላም እንደገና መወርወር ተገቢ ነው። የማነጣጠሪያው መሣሪያ የሚስተካከለው ሁለቱ ጫፎች ከተገናኙ በኋላ ነው። ፍላጻዎቹን ቁጥር መስጠት ደግሞ ደጋግሞ የሚስተውን ለይቶ ለማውጣት ይረዳል።

5. *የዘልቆ መግባትና የጥንካሬ ፍተሻ።* ሁለት ዓይነት ራሶችን ማወዳደር የሚፈልግ አዳኝ ቀስቱን፣ የፍላጻውን ክብደት፣ ርቀቱንና ዒላማውን አንድ ዓይነት አድርጎ ራሱን ብቻ መቀያየር፣ እያንዳንዱንም ቢያንስ ሦስት ጊዜ መወርወር አለበት። ፎምም ሆነ ጄል ከሥጋና ከአጥንት የተለየ ባሕርይ ስላላቸው ውጤቱ ለማወዳደሪያ እንጂ በእንስሳው ላይ የሚሆነውን ለመተንበይ አያገለግልም። ከውርወራው በኋላ ምላጩ መሸራረፉን፣ ግንዱም መጣመሙን መመርመር ያስፈልጋል። ለፍተሻ የተወረወረ ምላጭ ሳይሳል ወይም ሳይቀየር ለአደን መዋል የለበትም።

ጥንቃቄና የአዳኙ ኃላፊነት

ብሮድሄድ ሲታሰርና ሲፈታ በእጅ ሳይሆን ለዚሁ በተዘጋጀ ቁልፍ መጠቀም፣ በጉዞ ጊዜም ምላጮቹን ሙሉ በሙሉ በሚሸፍን የፍላጻ ኮሮጆ መያዝ ግድ ይላል።

ከሁሉም በላይ የትኛውም ጥሩ ብሮድሄድ የተሳሳተ ውርወራን እንደማያርም መታወቅ አለበት። ተመራጩ ውርወራ እንስሳው ጎኑን ሰጥቶ ወይም ፊቱን በከፊል ወደ ወዲያ አዙሮ ሲቆም ወደ ሳንባና ልብ የሚላከው ነው። አዳኙ ፍላጻዎቹ በፍተሻ ወቅት በተደጋጋሚ አንድ ላይ ካረፉበት ርቀት አልፎ መወርወር አይኖርበትም። ሳንባ ከተመታ በኋላም ቢሆን ግማሽ ሰዓት ያህል ታግሦ ዱካውን መከተል ይመከራል፤ ቶሎ የተባረረ እንስሳ ርቆ ሊሄድና ሊጠፋ ይችላልና።

በመጨረሻም፣ ከላይ የተገለጸው በአሜሪካ ሕግ ለተፈቀደ አደን የሚያገለግል መሆኑ ሊሰመርበት ይገባል። በኢትዮጵያ የዱር እንስሳት በአዋጅ የተጠበቁ ሲሆን፣ ያለ ፈቃድ ማደን በሕግ ያስጠይቃል። ሕጉ በሚፈቅድበት ቦታ የሚያድን ሰው ደግሞ የአደን ወቅት ከመግባቱ ከበርካታ ሳምንታት በፊት ፍተሻውን ቢጀምር፣ ጉድለቱን በእንስሳው ላይ ሳይሆን በዒላማው ላይ አግኝቶ ለማረም በቂ ጊዜ ይኖረዋል።